7/7 ብላ የመለሰችው ልጅ

ይህን የኢንተርኔት ውይይት የከፈተው ሰባተኛ ክፍል የምትማር ልጅ ያለችው አባት ነው። የልጁን ደብተር በስልኩ አንስቶ ለጠፈና ከሥሩ ጥያቄውን አስከተለ። ፎቶው ላይ ሦስት የባዶ ቦታ ሙሉ ጥያቄዎች ይታያሉ። አንደኛው 3/5 ላይ ምን ሲደመር 0 ይሆናል የሚል ነው። ሁለተኛው 3/5 በምን ሲባዛ ያው 3/5 ይሆናል ይላል። ሦስተኛው 3/5ን በምን ብናባዛው 1 እንደሚመጣ ይጠይቃል። ልጅቷ በቅደም ተከተል 3/(-5)፣ 7/7 እና 5/3 ብላ ሞልታለች። የመጨረሻው ራይት ተደርጎለታል። የፊተኞቹ ሁለቱ ላይ ግን ኤክስ አለ፤ በተለይ 7/7 ላይ ቀዩ እስክሪብቶ ወረቀቱን ሊቀድ እስኪደርስ ተጭኗል።

አባትየው የጻፈው በትሕትና ነው። ለምን 1 ብላ እንዳልጻፈች ሲጠይቃት፣ ክፍሉ በሙሉ 1 ብሎ እንደሚጽፍ ስላወቀች እሷ ሌላ ትክክል የሆነ ነገር መጻፍ እንዳማራት ነግራዋለች። እሱ ራሱ ትምህርት ካቆመ መቆየቱንና ክፍልፋይ ላይ እርግጠኛ አለመሆኑን ገልጾ፣ የተሳሳተችው ልጁ ትሁን አራሚው እንዲነግሩት ጠየቀ። በመጨረሻም ማንም ሰው መምህሩን እንዳይሰድብበት ለመነ። ልመናው እስከ መልስ 14 ድረስ ተከበረ።

መልስ 1 ከሰላምታ በኋላ ሁለቱም ልክ እንደሆኑ ነግሮት ምክንያት ሳይጨምር ሄደ። መልስ 2 ልጅቷን መርቆ ወጣ። መልስ 3 ላይ የመጡት ሒሳብ የሚያስተምሩ ሰው ናቸው፤ ለማያውቁት የሙያ ባልደረባቸው ጠበቃ ሆነው ቀረቡ። ጥያቄው የወጣው ልጆቹ 1 በማባዛት ጊዜ ምንም እንደማይለውጥ ማወቃቸውን ለመፈተሽ እንደሆነ፣ መልስም እስከ መጨረሻው ተቃልሎ መጻፍ እንዳለበት፣ በዚያ ላይ በአንድ ማታ የስንት ክፍል ደብተር የሚያርም ሰው እያንዳንዱን መልስ ቁጭ ብሎ እንደማይመራመርበት አስረዱ። መልስ 4 እርስዎ እያለ በጨዋ ቋንቋ ተቃወማቸው። ኤክስ ማለት ሐሰት ማለት ነው፤ 7/7 ደግሞ ሐሰት አይደለም፤ አልተቃለለም ከተባለም አጠገቡ አቃልዪው ብሎ መጻፍ ይቻል ነበር የሚል ነው ነገሩ። የመልስ 3 መምህር ይህን ላይክ አደረጉት፤ እስከዚህ ድረስ እንዲህ ዓይነት ሰላም ነበር።

መልስ 5 ክርክሩን ከማርክ አውጥቶ ወደ ቁጥሩ መለሰው። ጸሐፊዋ ራሷን አላስተዋወቀችም፤ ከአጻጻፏ ግን ዩኒቨርሲቲ ሒሳብ የተማረች ትመስላለች። 7/7 ሌላ ቁጥር ሳይሆን 1 ራሱ እንደሆነ፣ 2/2ም 100/100ም እንደዚያው እንደሆኑ፣ ቁጥሩ አንድ ሆኖ ሳለ አጻጻፉ ግን ማለቂያ እንደሌለው ጻፈች። ከዚያ አንድ ማስረጃ ጨመረች፤ ከጠቅላላው ውይይት በአጭር ቃል ብዙ የተባለው እዚህ ጋ ይመስለኛል። ሲያባዙበት ምንም የማይለውጥ ቁጥር ሁለት ሊኖር ይችላል ወይ? አሉ ብለን እንነሳና ሁለቱን እርስ በርስ እናባዛቸው። የመጀመሪያው ምንም ስለማይለውጥ ውጤቱ ሁለተኛው መሆን አለበት። ሁለተኛውም ምንም ስለማይለውጥ ውጤቱ የመጀመሪያው መሆን አለበት። ስለዚህ ሁለት የመሰሉን ቀድሞውንም አንድ ነበሩ። ልጅቷ እንግዲህ ከ1 ሌላ መልስ ልስጥ ብትልም አልቻለችም፤ የጻፈችው 1ን ነው።

መልስ 6 እዚህ ላይ ትንሽ ተንኮል ይዞ ብቅ አለ። ማንኛውም ቁጥር ለራሱ ሲካፈል 1 ከሆነ 0/0ም 1 መሆን አለበታ፣ ነው ያለው። መልስ 7 ታግሶ አስረዳው። 0/0 1 ነው የምንለው 1 × 0 = 0 ስለሆነ ከሆነ፣ 2 × 0ም 0 ነው፣ 900 × 0ም 0 ነው፤ የትኛውም ቁጥር ልክ የሚሆንበት ጥያቄ መልስ የለውም። የህንዱ የሒሳብ ሊቅ ብራህማጉፕታ በ628 እ.ኤ.አ. ስለ ዜሮ ሕግ ሲደነግግ 0/0 ዜሮ ነው ብሎ እንደነበርና ያ ሕግ ዛሬ ተቀባይነት እንደሌለው ጠቀሰ። ያው ሰውዬ ግን ሀብትና ያንኑ የሚያህል ዕዳ ሲደመሩ ዜሮ እንደሚሆኑ በዚያው ሥራው ጽፏል። የልጅቷ የመጀመሪያ ጥያቄ ማለት ይኸው ነው።

ወደዚያ የመጀመሪያ ጥያቄ የተመለሰው መልስ 8 ነው፤ በጣም በእርግጠኝነት። ነጌቲቭ ምልክት ታህት ላይ አይጻፍም፣ ክልክል ነው፣ ኤክሱ ተገቢ ነው ብሎ ደመደመ። መልስ 9 ያረመው ባለመሳደብ ነው፤ ሆኖም ከዚያ በኋላ መልስ 8 ድምፁ አልተሰማም። ክልክል የሆነው ታህቱ ዜሮ ሲሆን ብቻ ነው። ምልክቱን ላዕል ላይ ወይም ከክፍልፋዩ ፊት መጻፍ የተለመደው ለማየት ስለሚያምርና ሁለት ክፍልፋዮችን ለማወዳደር ስለሚመች ነው። 3/(-5) እና -3/5 አንድ መሆናቸውን የሚጠራጠር ሰው 3/(-5)ን በ(-1)/(-1) ያባዛው፦ ላዕሉ -3፣ ታህቱ 5 ይሆናል። (-1)/(-1) ደግሞ ምንድነው? ቁጥር ለራሱ ሲካፈል ነው፤ 1 ነው። የልጅቷ ሁለተኛ መልስ የመጀመሪያ መልሷን አስመሰከረላት ማለት ነው። ይህን ያዩ ሰዎች ላይክ ያዘነቡት እዚህ ላይ ነው። መልስ 3 ላይ የጻፉት መምህርም ተመልሰው መጥተው በዚህኛው እንደሚስማሙ፣ በ7/7ቱ ግን እንደማይስማሙ አስታወቁ።

መልስ 10 ከልቡ የተደናገረ ሰው ነው። የ3/5 ተቃራኒ 5/3 አይደለም ወይ፣ -3/5 ከየት መጣ ይላል። መልስ 11 ሁለቱን ለየለት፦ በመደመር ወደ 0 የሚመልሰው ሌላ፣ በማባዛት ወደ 1 የሚመልሰው ሌላ ነው። የመደመር ተቃራኒው -3/5 ከዜሮ በስተግራ እኩል ርቀት ላይ ይቀመጣል፤ ተገላቢጦሹ 5/3 ግን እዚያው በስተቀኝ፣ ከ1 ማዶ ነው። ዜሮ የመደመር ተቃራኒ አለው፣ ራሱ ነው፤ ተገላቢጦሽ ግን የለውም፤ በምንም ብታባዛው 1 አይወጣውምና። እዚህ ላይ ብዙ ማለት ይቻል ነበር፤ ሰዉ ግን ዝም ብሎ አለፈው።

መልስ 12 የአንዲት እናት ነው፤ ጥያቄዋ የሁላችንንም ጭንቅላት ይዞ ቆየ። ትምህርት ቤት የክፍልፋይን ላይና ታች በተመሳሳይ ቁጥር ማባዛት ይቻላል ተብላ ተማረች። እሺ። ታዲያ ላይና ታቹ ላይ ተመሳሳይ ቁጥር መደመር የማይቻለው ለምንድነው? 3/5 ላይ በሁለቱም በኩል 7 ቢደመር 10/12 ይመጣል፤ ይህም 5/6 ነው፤ 3/5 ግን 0.6 ሲሆን 5/6 ከ0.83 ይበልጣል። ልጇ ይህን ጠይቋት ሕጉ ነው ብላ እንዳለፈችው ጽፋለች። መልስ 13 የመለሰላት ላይና ታች የሚለውን አነጋገር ራሱን በመንቀፍ ነው። ማንም ላይና ታችን አያባዛም፤ የሚባዛው ቁጥሩ በሞላው ነው፣ የሚባዛውም በ7/7 ማለትም በ1 ነው፤ 21/35 ከ3/5 ጋር እኩል የሚሆነው ለዚህ ብቻ ነው። ላይም ታችም 7 መደመር ግን ቁጥሩ ላይ ምንም ቁጥር መደመር አይደለም። የምር 7/7 ከተደመረበት ውጤቱ 8/5 ነው። በመደመር ሳይለወጥ እንዲቀር ከተፈለገ የሚደመረው 0 ነው፤ 0ም እንደ 1 ብዙ መልክ አለው፦ 7/8 ደምሮ 7/8 መቀነስ 0 መደመር ነው። ሁለተኛ ደረጃ ላይ ሙሉ ካሬ ለመሥራት 9 ደምረን ወዲያው 9 ስንቀንስ የምንሠራው ይህንኑ ነው። በማባዛት ጊዜ የምንጠቀመው በ1 ነው፣ በመደመር ጊዜ በ0 ነው፤ የሁለቱን መሣሪያ ማቀያየር አይቻልም።

ከዚያ መልስ 14 መጣ። ድሮ ማባዣ በለንጋ እየተማርን ይህ ሁሉ ፍልስፍና አልነበረም፣ የዛሬ መምህር ራሱ ክፍልፋይ አያውቅም፣ የዛሬ ወላጅም ለአንድ ማርክ ደብተር ፎቶ እያነሳ ይለጥፋል የሚል ነው፤ መምህሩንም አባትየውንም በአንድ ድንጋይ መታቸው። መልስ 15 በለንጋ ተምሮ ክፍልፋይ ሲካፈል ለምን እንደሚገለበጥ የማያውቅ ትውልድ ነው ዛሬ ልጁን ማስረዳት ያቃተው ሲል መለሰ። መልስ 16 ላይ እርስዎ መባባሉ ቀርቶ አንተ ተጀመረ፤ የአንዱ ዕድሜ፣ የሌላው ዲግሪ፣ የሁለቱም አስተዳደግ ተነሳ። መልስ 17 የአድሚኑ ነው፤ ሁለት መልሶችን ማንሳቱንና ሦስተኛውን እንደሚጠብቅ ገልጾ ወጣ። እንደዚህ ያለ ውይይት አብዛኛውን ጊዜ እዚህ ላይ ነው የሚሞተው። ይህኛው አልሞተም፤ ምክንያቱ መልስ 18 ነው።

የመልስ 18 ባለቤት የክፍል ኃላፊ ናቸው፤ በየሴሚስተሩ ሮስተር፣ ማለትም የተማሪዎችን የውጤት መዝገብ፣ ይሞላሉ። ወደ እናትየዋ ጥያቄ ተመልሰው፣ ላይና ታች መደመር የትም የለም መባሉ እንዳልተዋጠላቸው ጻፉ። እሳቸው ራሳቸው በየጊዜው ይሠሩታልና። አንድ ተማሪ በመጀመሪያው ኩዊዝ 3/5 ቢያመጣና በሁለተኛው 7/7 ቢደፍን፣ ሮስተሩ ላይ የሚሰፍረው 10/12 ነው። ላዕል ከላዕል፣ ታህት ከታህት። ልጆች ከሒሳብ ክፍለ ጊዜ ወጥተው ውጤታቸውን ሲደምሩ ያንኑ በሒሳብ ክፍለ ጊዜ ኤክስ የሚያስደርጋቸውን ነገር ሲሠሩና ትክክል ሲሆን ያያሉ፤ ታዲያ ግራ ቢጋቡ ይፈረድባቸዋል ወይ? መልስ 19 ወዲያው ዘሎ ገባ፦ ሮስተሩ እንግዲህ የተሳሳተ ሒሳብ ነው፣ ትምህርት ሚኒስቴር ይወቀው። ቀልዱ ይሁን ቁም ነገሩ አልታወቀም።

መልስ 20 የመልስ 5 ጸሐፊ ናት፤ ተመልሳ ነገሩን ፈታችው። ሮስተሩ ላይ ያለው 3/5 እና ደብተሩ ላይ ያለው 3/5 አጻጻፋቸው ይመሳሰላል እንጂ ሥራቸው ለየቅል ነው። ሮስተሩ ላይ 5 ማለት አምስት ጥያቄ ማለት ነው፤ አምስት ጥያቄና ሰባት ጥያቄ ሲደመሩ አሥራ ሁለት ጥያቄ ናቸው። ቁጥሮቹ በትክክል ቢደመሩ ኖሮ 3/5 + 7/7 = 8/5 ይሆናል፤ ከአምስት ስምንት ያመጣ ተማሪ ደግሞ የለም። የሮስተሩ ውጤት ሁልጊዜ በሁለቱ መካከል ይወድቃል፤ 10/12 ከ3/5 ይበልጣል፣ ከ7/7 ያንሳል። ልዩነቱን ለማየት ሁለተኛው ኩዊዝ ላይ 0/7 አስገቡ አለች። ደብተሩ ላይ 0/7 ማለት 0 ነው፤ 3/5 ላይ ቢደመር 3/5 ንቅንቅ አይልም። ሮስተሩ ላይ ግን 3/12 ይሆናል፤ ሩብ። ዜሮ ተደምሮ ከ0.6 ወደ 0.25 የሚወርድበት አደማመር የቁጥር መደመር ሊሆን አይችልም። የክፍል ኃላፊው ይህን በሚቀጥለው ሳምንት ክፍል ውስጥ እንደሚጠቀሙበት ነገሯት። በበኩሌ ይህን ሮስተርና ደብተር ማነጻጸር በየትኛውም የተማሪ መጽሐፍ ውስጥ አላየሁትም፤ መግባት ያለበት ግን እዚያ ነበር።

መልስ 21 ሲካፈል ለምን እንደሚገለበጥ ጠየቀ፤ ከመልስ 15 ክርክር የተረፈ ጥያቄ ነው። መልስ 22 ያው 1 ነው የሚሠራው አለና 3/5ን ለ2/7 አካፍሎ አሳየ። ክፍፍሉን በአንድ ረጅም መስመር ይጽፈዋል፤ ከላይ 3/5፣ ከታች 2/7። ከዚያ ከላይም ከታችም 7/2 ባለው ክፍልፋይ ያባዛል፤ ይህ ክፍልፋይ ለራሱ የተካፈለ ቁጥር ነውና 1 ነው። ከታች 2/7 × 7/2 = 1 ሆኖ ይጠፋል፤ ከላይ 3/5 × 7/2 = 21/10 ይቀራል። 7/2 የተመረጠው የ2/7 ተገላቢጦሽ ስለሆነ፣ ታህቱን 1 ስለሚያደርገው ነው፤ የመገልበጡ ሚስጥር ይኸው ብቻ ነው። መቶኛም እንደዚሁ ነው ብሎ አከለ፤ 3/5 በ20/20 ሲባዛ 60/100 ይሆናል። ከመልስ 14 ጸሐፊ በቀር ሁሉም አመሰገነው።

መልስ 23 ሪያድ የምትሠራ ነርስ ናት። የመድኃኒት መጠን ስታሰላ ቀኑን ሙሉ በ1 እንደምታባዛ እስካሁን አስተውላው እንደማታውቅ ጻፈች። ሐኪሙ 0.25 ግራም ያዝዛል፤ የመድኃኒቱ እንክብል 125 ሚሊግራም ነው። 1000 ሚሊግራም ሲካፈል ለ1 ግራም፣ ላይና ታቹ እኩል ስለሆነ 1 ነው፤ በእሱ ሲባዛ 0.25 ግራሙ 250 ሚሊግራም ይሆናል፣ ሁለት እንክብል ማለት ነው። ክፍልፋዩን ገልብጣ ብታባዛ ግራም ከግራም ስለማይጣፋላት ስህተቱን ከመስጠቷ በፊት ታየዋለች። መልስ 24 ከዱባይ ገንዘብ የሚልክ ሰው ነው፤ ምንዛሬም እንደዚሁ ነው የሚለውን ሰው ቀድሞ ለመከልከል የጻፈ ይመስላል። ባንክ ዶላር የሚገዛበትና የሚሸጥበት ዋጋ አንድ አይደለም። ለምሳሌ በ140 ብር ገዝቶ በ143 ብር ቢሸጥ፣ አንድ ዶላር ወደ ብር ቀይሮ መልሶ ዶላር የሚገዛ ሰው እጁ ላይ የሚቀረው 140/143 ነው፤ ከ1 ያንሳል። ሁለቱ ዋጋዎች እውነተኛ ተገላቢጦሽ ቢሆኑ ኖሮ ባንኩ ምን ይበላ ነበር?

መልስ 25 ሜሪላንድ ያለች እናት ናት። እዚያ ልጇን የመደመር ተቃራኒ ያስተማሩት በባለሁለት ቀለም ክብ ፕላስቲኮች ነው፤ ቢጫው +1፣ ቀዩ -1፤ አንድ ቢጫና አንድ ቀይ ሲገናኙ ሁለቱም ከጠረጴዛ ይነሳሉ። ክፍልፋይ ላይ ሲደርሱ ግን ፕላስቲኩ አልሠራም፤ 3/5 የሚባል ፕላስቲክ የለምና ልጁ ተደናገረ፤ ታዲያ ክፍልፋዩን በምን ላስረዳው ስትል ጠየቀች። መልስ 26 ከእሷ ጥያቄ ይልቅ ቀለሙ ላይ አተኩሮ፣ ቻይናዎች ይህን በዘንግ ይሠሩት እንደነበር፣ የሒሳብ ሊቃቸው ሊው ሁዊ በ263 እ.ኤ.አ. በጻፈው ማብራሪያ ግን ቀዩ ዘንግ ለፖዘቲቭ፣ ጥቁሩ ለነጌቲቭ እንደሆነ አነሳ። እናትየዋ የጠየቀችው ሳይመለስላት ቀረ፤ ውይይት እንዲህ ነው።

መልስ 27 ላይ አባትየው ተመለሰ። መልስ 9ን አትሞ ለልጅቷ መምህር እንዳሳያቸው፣ መምህሩም በጥሞና አንብበው 3/(-5)ን ራይት እንዳደረጉለት፣ 7/7 ላይ ግን ባለመቃለሉ ግማሽ ማርክ ብቻ እንደሰጧት ነገረን። ቅር አላለውም። ቅር ያለው መልስ 28 ነው፦ 7/7 ከ1 ጋር እኩል መሆኑን ካመኑ በኋላ ግማሽ መስጠት፣ 1ን በ1/2 ማባዛት ነው እንጂ ማረም አይደለም አለ። መልስ 3 ላይ የጻፉት መምህር በዚህ ሳይቆጡ አልቀሩም፤ ከዚያ በኋላ አልጻፉም። እኔ ከመልስ 28 ጋር ነኝ፤ አቃልዪ ያልተባለች ልጅ ባለማቃለሏ ማርክ ሊቀነስባት አይገባም።

መልስ 29 ከሁሉም የራቀ ነበር። የጥንት ግብፃውያን ከ2/3 በስተቀር በአብዛኛው ላዕሉ ከ1 የሚበልጥ ክፍልፋይ እንደማይጽፉ አስታወሰ። ብሪቲሽ ሙዚየም ያለውና ጸሐፊው አሕሞስ የገለበጠው የራይንድ ፓፒረስ ውስጥ ስድስት ዳቦ ለአሥር ሰው ማካፈል የሚል ጥያቄ አለ፤ መልሱ ለእያንዳንዱ 1/2 እና 1/10 ነው፤ ሲደመር የልጅቷ 3/5። አንድ ሰው ኋላቀር ናቸው ሊል ሲል ሌላው ከለከለው፤ ዳቦውን በቢላ ለሚቆርጥ ሰው ግማሽ ግማሹን ሰጥቶ ቀሪውን ለአሥር መቁረጥ ከ3/5 ይልቅ ይቀላል።

መልስ 30 የቆሎ ትምህርት ቤት ያሳለፈ ሰው ነው፤ ባሕረ ሐሳብን፣ የቤተ ክርስቲያንን የበዓላት ማስሊያ፣ ይዞ መጣ። በየዓመቱ የሚሰሉት ሁለት ቁጥሮች፣ አበቅቴና መጥቅዕ፣ ምንጊዜም ሲደመሩ 30 እንደሚሆኑ፣ ይህም የመደመር ተቃራኒ እንደሚመስለው ጻፈ። የ2016 ዓ.ም.ን ሒሳብ ዘረዘረው። 5500 ሲደመር 2016፣ ዓመተ ዓለሙ፣ ከፍጥረት ጀምሮ ያለው ዓመት፣ 7516 ነው። በ19 ሲገደፍ፣ ማለትም ለ19 ሲካፈል፣ 11 ይተርፋል፤ አንድ ለዘመኑ ሲተው ወንበሩ 10 ነው። ወንበሩ በ11 ተባዝቶ 110፣ በ30 ተገድፎ አበቅቴው 20። ወንበሩ በ19 ተባዝቶ 190፣ በ30 ተገድፎ መጥቅዑ 10። ሃያና አሥር ሠላሳ። 2017 ላይ አበቅቴ 1፣ መጥቅዕ 29፤ 2018 ላይ 12ና 18። መልስ 31 ሠላሳ ዜሮ አይደለም፣ ተቃራኒ ደግሞ ወደ ዜሮ ነው የሚመልሰው ሲል ነቀፈው። መልስ 32 ግን በ30 የሚገድፍ ሰው ሠላሳውን ጥሎ የተረፈውን ብቻ እንደሚይዝ፣ በዚያ አቆጣጠር 30ና 0 አንድ እንደሆኑ አስረዳ። ወንበሩ የሚባዛባቸው ጥንተ አበቅቴ 11 እና ጥንተ መጥቅዕ 19 ሲደመሩ 30 ናቸው፤ ወንበሩ ምንም ይሁን ምን የሁለቱ ብዜት ድምር በ30 ተገድፎ የሚያልቀው ስለዚህ ነው። ወንበሩ 0 ሲሆን፣ እንደ 2006 ባለው ዓመት፣ አልቦ አበቅቴ ይባላል፣ መጥቅዑም 30 ይሆናል፤ ዜሮ የራሱ ተቃራኒ ነው የተባለው እዚያም ይሠራል። መልስ 33 ቤተ ክርስቲያንን ከሒሳብ አታቀላቅሉ ብሎ ሊያጋጭ ሞከረ፤ ማንም አልመለሰለትም።

መልስ 34 እንቆቅልሽ ጣለ፦ የመደመር ተቃራኒውና ተገላቢጦሹ አንድ የሆነ ክፍልፋይ አለ ወይ? መልስ 35 በሁለት መስመር ዘጋው። ፖዘቲቭ ቁጥር ተቃራኒው ነጌቲቭ ነው፣ ተገላቢጦሹ ግን ፖዘቲቭ፤ ነጌቲቭም እንደዚያው በግልባጩ፤ ዜሮ ተገላቢጦሽ የለውም፤ ስለዚህ የለም። መልስ 36 ካሬው -1 የሆነው ኢማጂነሪ ቁጥር አለ ሲል፣ ጥያቄው ስለ ክፍልፋይ ነው ተባለ፤ ጭቅጭቁ እንደገና ሊጀመር ነበር።

የመጨረሻው፣ መልስ 37፣ ያው የባሕረ ሐሳቡ ሰው ነው። በ30 ገድፎ ሞክሮት እዚያም እንዲህ ዓይነት ቁጥር እንዳላገኘ፣ ሲፈልግ ግን ሌላ ነገር እንዳገኘ ጻፈ። 11 በ11 ሲባዛ 121 ነው፤ በ30 ሲገደፍ 1 ይተርፋል። 19 በ19ም 361፣ ሲገደፍ 1። ሁለቱም የራሳቸው ተገላቢጦሽ ናቸው። ስለዚህ አበቅቴውን ብቻ የሚያውቅ ሰው እንደገና በ11 አባዝቶ በ30 ቢገድፍ ወንበሩን መልሶ ያገኘዋል፤ የ2016 አበቅቴ 20 በ11 ሲባዛ 220፣ ሲገደፍ 10። መጥቅዑን የያዘ ደግሞ በ19 ያባዛ፤ የ2017 መጥቅዕ 29 በ19 ሲባዛ 551፣ ሲገደፍ 11።